የ«ዱባ» ቦምቦች፦ ለአቶሚክ ጦር መሣሪያ ልምምድ የተሠራው ቀፎ እንዴት ተፈተነ፣ የት ተጣለ

በኦገስት 1943 በአሜሪካ ቨርጂኒያ ግዛት፣ ዳልግረን በሚባለው የባሕር ኃይል መሞከሪያ ሜዳ አንድ የተበየደ ቱቦ ከአውሮፕላን ተጣለ። ቱቦው አፍንጫውን ደፍቶ መውረድ ሲገባው በጎኑ ተጋድሞ እየተሽከረከረ መሬት ደረሰ። ውስጡ ምንም የአቶሚክ ነገር አልነበረም። ያን ጊዜ ለእውነተኛው ቦምብ የሚበቃ ንጥረ ነገር በዓለም ላይ አልተመረተም። ይህ ጽሑፍ ከዚያ ቱቦ ተነሥቶ ሁለት ዓመት የፈጀውን የቀፎ ሥራ ይከታተላል። በዚህ ጊዜ ውስጥ ቅርጹ ተስተካከለ፣ መልቀቂያው ተቀየረ፣ የልምምድ ቦምብ ተመረተ፤ በመጨረሻም «ልምምዱ» በጃፓን ከተሞች ላይ ተካሄደ። ዘመኑ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው። ሰዎቹን በስማቸው ሳይሆን በሥራ ድርሻቸው ጠቅሰናል።

መነሻ

በ1943 የአቶሚክ ቦምቡ የሚሠራበት የሎስ አላሞስ ቤተ ሙከራ ሲቋቋም ትልቁ ጥያቄ የፊዚክስ ነበር። ከመጀመሪያዎቹ ወራት ጀምሮ ግን አንድ አነስተኛ ቡድን ሌላ ሥራ ተሰጠው፦ መሣሪያው ቢሠራ እንኳ በየትኛው አውሮፕላን ይጫናል? ከ9 ሺህ ሜትር ከፍታ ሲለቀቅስ ቀጥ ብሎ ይወርዳል ወይ?

ያኔ ሁለት ዕቅዶች ጎን ለጎን ይሄዱ ነበር። አንደኛው «ቲን ማን» ወይም ቀጭኑ ሰው የተባለው ነው፤ 17 ጫማ፣ ማለትም 5.2 ሜትር ገደማ የሚረዝም ረጅም ቱቦ ነበር። ሁለተኛው «ፋት ማን»፣ ወፍራሙ ሰው፣ እንቁላል የሚመስል አጭርና ሰፊ ዕቃ ነበር፤ ወርዱ 60 ኢንች (1.52 ሜትር)፣ ርዝመቱ ከነጭራው 128 ኢንች (3.25 ሜትር)። ሁለቱም ለቦምብ የማይመች ቅርጽ ነበራቸው፤ አንዱ ከመጠን በላይ ረጅም፣ ሌላው ከመጠን በላይ ወፍራም። የውጭ መልካቸውን የወሰነው ውስጣቸው የሚቀመጠው ዕቃ ስለነበር የአየር ፍሰት ባለሙያው የማስተካከል ዕድሉ ጠባብ ነበር። በነጻነት ሊነካው የሚችለው ጭራውንና የክብደቱን ክፍፍል ብቻ ነበር ማለት ይቻላል።

የዳልግረኑ ቱቦ የቲን ማን የተቀነሰ ሞዴል ነው። የተሠራውም በእጅ ካለው ነገር ነው፦ የተለመደ ባለ 500 ፓውንድ ቦምብ ለሁለት ተቆርጦ፣ መሐሉ ላይ 14 ኢንች ወርድ ያለው ቱቦ ተበየደበት። የቅርጹ ነገር ግልጽ ስለነበር ሠራተኞቹ «የፍሳሽ ቱቦ ቦምብ» አሉት። ያልተሳካው ውርወራ ከንቱ አልቀረም። የክብደት ማዕከሉ ወደ አፍንጫው መቅረብ እንዳለበት፣ የጭራ ክንፎቹም መስፋት እንዳለባቸው አሳየ። ይህ ሲደረግ ቀጣዮቹ ሞዴሎች በአግባቡ ወረዱ። ስህተቱ በአንድ ርካሽ ቱቦ ላይ ታየ፤ ሙሉ መጠን ያለው ቀፎ ተሠርቶ፣ አውሮፕላን ተቀይሮ ቢሆን ኖሮ ወራት ይባክኑ ነበር።

አውሮፕላኑ

የተመረጠው ቢ-29 የተባለው ትልቁ የአሜሪካ ቦምብ ጣይ ነው። ከክንፉ መጋጠሚያ ፊትና ኋላ ሁለት የቦምብ ክፍሎች አሉት፤ እያንዳንዳቸው 12 ጫማ ገደማ ናቸው። 17 ጫማ የሚረዝመው ቲን ማን በአንዳቸውም አይገባም። ስለዚህ በኖቬምበር 1943 መጨረሻ በኦሃዮ ራይት ፊልድ አንድ አውሮፕላን ተመርጦ ሁለቱ ክፍሎች ተገናኝተው 33 ጫማ የሚረዝም አንድ ክፍል ሆኑ። ሥራው በኋላ «ሲልቨርፕሌት» በሚል የምሥጢር ስም ታወቀ።

ከባድ ዕቃ አንጠልጥሎ በተፈለገው ቅጽበት የሚለቅ መሣሪያም ያስፈልግ ነበር። አስቀድሞ የተዘጋጀ ስላልነበረ ተንሸራታች አውሮፕላን ለመጎተት የሚያገለግለው መንጠቆ ተሻሽሎ ተገጠመ። ቦምቡ ረጅም በመሆኑም ፊትና ኋላ በሁለት ቦታ ተንጠለጠለ። ይህ ምርጫ ብዙ ዋጋ አስከፍሏል።

ሙሮክ፣ ማርች 1944

የሙሉ መጠን ሙከራው በካሊፎርኒያ በረሃ፣ ሙሮክ በሚባለው የአየር ኃይል ሰፈር በማርች 1944 መጀመሪያ ተጀመረ። የደረቀው የሐይቅ ወለል ለጥ ያለ፣ ሰው የማይኖርበት፣ ከሩቅ በካሜራ ለመከታተል የሚመች ነው። ቦምቦቹ ፈንጂ የሌላቸው፣ ክብደት ብቻ ያላቸው ማስመሰያዎች ነበሩ።

ውጤቱ ቀድሞ የተፈራውን ገለበጠው። ከዳልግረን ጀምሮ ያሳሰባቸው ቀጭኑ በጥሩ ሁኔታ ወረደ። ብዙም ያልተጨነቁለት ወፍራሙ ግን አየር ላይ ክፉኛ ይንገዋለል ነበር። ጭራው ላይ ያሉት ክንፎች በትክክል አለመገጣጠማቸውም ችግሩን አባባሰው።

ሁለተኛው ችግር መልቀቂያው ነው። አነጣጣሪው ማብሪያውን ሲጫን ቦምቡ ወዲያው አይወርድም፤ ይዘገያል። አውሮፕላን በሰዓት መቶዎች ኪሎ ሜትር እየበረረ የአንዲት ሰከንድ መዘግየት ቦምቡን ከታለመለት ቦታ ከመቶ ሜትር በላይ ያርቀዋል። የመውደቂያ ሠንጠረዥ ለማዘጋጀት የሚሰበሰበው መረጃም ዋጋ አይኖረውም፤ የተለቀቀበት ቅጽበት ካልታወቀ የወደቀበት ቦታ ምንም አያስረዳም።

በመጨረሻም የሚፈራው ደረሰ። በማርች አጋማሽ በተደረገ በረራ፣ አውሮፕላኑ ገና ወደ መሞከሪያው ሜዳ እያመራ ሳለ አንድ ቲን ማን ሳይታዘዝ ተላቆ በተዘጉት የቦምብ ክፍል በሮች ላይ ወደቀ። ቶኖች የሚመዝን ብረት በሮቹን ተጭኖ ተቀመጠ። የበረራ ቡድኑ ያለው አማራጭ በሮቹን ከፍቶ እንዲወድቅ ማድረግ ብቻ ነበር፤ ያንኑ አደረገ። ማንም አልተጎዳም፤ በሮቹ ግን ተጣመሙ፤ ሙከራው ለሦስት ወር ያህል ተቋረጠ።

ይህን አደጋ ቆም ብሎ ማየት ይገባል። ከባድ ዕቃ በሁለት መንጠቆ ሲያዝ ሁለቱ በአንድ ቅጽበት ካልለቀቁ አንደኛው ጫፍ ቀድሞ ይወድቃል፤ ሌላው ሁሉንም ክብደት ይሸከማል። መጎተቻው መንጠቆ የተሠራው ወደ ኋላ የሚጎትትን ኃይል እንዲቋቋም ነው፤ ቀጥ ብሎ ወደ ታች የሚስብ ክብደት ግን ሌላ ነገር ነው። ሸክሙ ሲበዛበት መላቀቂያው ይጨነቃል፤ ወይ ይዘገያል፣ ወይ ያለ ጊዜው ይለቃል። የታየው ሁለቱም ነው።

መፍትሔው ከእንግሊዝ መጣ። የእንግሊዝ ላንካስተር አውሮፕላኖች 12 ሺህ ፓውንድ የሚመዝን ቦምብ በአንድ ነጥብ አንጠልጥለው ይጥሉ ነበር። ያ መልቀቂያ በቢ-29 ላይ ተገጠመ፤ ከዚያ በኋላ የተሠሩት ቦምቦች ሁሉ ጀርባቸው ላይ አንድ ማንጠልጠያ ብቻ ኖራቸው። ሙከራው በጁን 1944 አጋማሽ ሲቀጥል የመላቀቅ ችግሩ ተወገደ። ከብዙ ወራት የማሻሻል ጥረት ይልቅ ሌላ አገር በጦርነት ላይ ያረጋገጠውን ዕቃ መውሰድ ይሻል ነበር። ገና ከመጀመሪያው ቢፈለግ ኖሮ አንድ አውሮፕላን ባልተጎዳ፣ አንድ ጸደይም ባልባከነ።

የጭራው ነገር

የወፍራሙ መንገዋለል ግን ገና አልተፈታም። ጭራው መጀመሪያ ክብ ነበር። በካሬ ሣጥን ተቀየረ፤ ይህም በቂ አልሆነም። እንቁላል የመሰለው አካል ሰፊ ስለሆነ አየሩ ጭራው ጋ ሲደርስ የተረበሸ ነው። ክንፎቹ በተበጠበጠ አየር ውስጥ ሲቆሙ የሚይዙት ነገር አያገኙም።

ባለሙያዎቹ ቅርጹን እስከ መተው ባሰቡበት ጊዜ ሜዳው ላይ ያለ አንድ ሰው ሐሳብ አቀረበ፦ በሣጥኑ ጭራ ውስጥ በ45 ዲግሪ የተጋደሙ ላሜራዎች ይበየዱ። ላሜራዎቹ አየሩን እየከለከሉ ጭራውን ወደ ኋላ ይጎትቱታል፤ የተጎተተ ጭራ ደግሞ አፍንጫውን ወደፊት ያቀናል። ፓራሹት እንደተዘረጋለት ዕቃ ማለት ነው። ለዚህም ነው ጭራው «የካሊፎርኒያ ፓራሹት» የተባለው።

ሐሳቡን ያቀረቡት ራሳቸው ይሳካል ብለው አልተማመኑም ነበር። ላሜራ በተጨመረበት ዕቃ ላይ መጎተት ይጨምራልና ቦምቡ ይዘገያል የሚል ሥጋትም ነበር። የሆነው ግን ተቃራኒው ነው። ቦምቡ መንገዋለሉን ሲያቆም አየሩን በጠባብ አፍንጫው ብቻ መግጠም ጀመረ፤ ስለዚህ አወዳደቁ እንደውም ተሻሻለ። በጎኑ እየተወዛወዘ የሚወርድ ዕቃ ከሚታሰበው በላይ አየር ይጋፋል፤ ያንን የረሳ ስሌት ነው ሥጋቱን የፈጠረው።

ይህ ጭራ፣ 52 ኢንች ስፋት ያለው ሣጥን፣ እስከ ናጋሳኪ ድረስ አልተቀየረም። ቲን ማን ግን በጁላይ 1944 ቀረ፤ ምክንያቱ የአየር ሳይሆን ለፍንዳታው የታሰበው ንጥረ ነገር፣ የፕሉቶኒየም፣ ባሕርይ ነበር። በምትኩ በዩራኒየም የሚሠራው አጭሩ «ሊትል ቦይ» መጣ፤ ይህም በአንዱ የቦምብ ክፍል ስለሚገባ የ33 ጫማው ክፍል አያስፈልግም ነበር። ለዚያ ክፍል የፈሰሰው ጉልበት ቢባክንም ነጠላ ማንጠልጠያው፣ የመውደቂያ ካሜራ አቀማመጡ፣ የባለሙያው ልምድ ግን ለቀጣዩ ሥራ ተረፉ።

ዱባው

በ1944 መጨረሻ አዲስ ችግር ተነሣ። 509ኛው የተባለው ልዩ የአየር ቡድን በዲሴምበር 17 ቀን 1944 በዩታ ግዛት በዌንዶቨር ሰፈር ተቋቋመ። የበረራ ቡድኖቹ ከ4.5 ቶን በላይ የሚመዝንና ከተለመደው ቦምብ ጋር የማይመሳሰል ዕቃ መጣል መልመድ ነበረባቸው። ለልምምድ እውነተኛውን ቀፎ መጠቀም አይቻልም፤ የመጀመሪያዎቹ የፋት ማን ሞዴሎች ለመገጣጠም 1,500 ገደማ ብሎን ይፈልጉ ነበር። በየቀኑ የሚጣል ዕቃ እንዲህ ሊሠራ አይችልም።

የቦምቡን የጦርነት አጠቃቀም የሚመራው የባሕር ኃይል መኮንንና የ509ኛው አዛዥ በዲሴምበር 1944 አንድ ሐሳብ ላይ ተስማሙ። የፋት ማንን መጠን፣ ቅርጽ፣ ክብደትና ጭራ የያዘ፣ በተለመደ ፈንጂ የተሞላ ቦምብ ይሠራ። ልምምድ ይሆናል፤ በጦርነቱም ይጠቅማል። ቅርጹ ዱባ ስለሚመስል በይፋዊ ሰነዶች ጭምር «ዱባ ቦምብ» ተባለ። የምርቱን አመራር የካሊፎርኒያ የቴክኖሎጂ ተቋም ወሰደ።

ምን ተመሳሳይ እንደሆነና ምን እንደተለየ ማየቱ የጉዳዩ ዋና ትምህርት ነው።

ተመሳሳይ የሆኑት አብራሪውና አየሩ የሚያውቋቸው ነገሮች ናቸው፦ የውጭ ቅርጹ፣ ርዝመትና ወርዱ፣ የክብደት ማዕከሉ፣ ጭራው፣ ነጠላ ማንጠልጠያው። አውሮፕላኑ ሲነሣ ክብደቱ እኩል ይሰማዋል፤ ቦምቡ ሲለቀቅም እኩል ወደ ላይ ይዘላል። አነጣጣሪው የሚጠቀምበት የመውደቂያ ሠንጠረዥ አንድ ነው።

የተለየው አሠራሩ ነው። በብሎን ፋንታ ቀፎው ተበየደ። በቀፎው ላይ አራት ኢንች የምትሰፋ መሙያ ቀዳዳ ቀረች። ፈንጂ የሌለው ዓይነት ሲሚንቶ፣ ጄሶና አሸዋ ተደባልቆ ይሞላበት ነበር፤ ድብልቁ በአንድ ኪዩቢክ ሴንቲ ሜትር ከ1.68 እስከ 1.71 ግራም እንዲመዝን ተደረገ፤ ይህም ከፈንጂው ጋር የሚስተካከል ነው። ፈንጂ ያለበት ዓይነት 6,300 ፓውንድ (2.9 ቶን ገደማ) «ኮምፖዚሽን ቢ» የተባለ የተለመደ ፈንጂ ይይዛል። ፈንጂው በኦክላሆማ በሚገኝ የባሕር ኃይል ማከማቻ እንደ ገንፎ ተደርጎ ይሞላና ለ36 ሰዓት ይደርቃል፤ ከዚያ በባቡር ወደ ካሊፎርኒያ ጠረፍ፣ ከዚያም በመርከብ ቡድኑ ወደሚዘምትበት የፓስፊክ ደሴት፣ ወደ ቲኒያን፣ ይሄዳል።

የማፈንጃው ነገርም የተለየ ነበር። እውነተኛው ቦምብ ከመሬት 500 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ አየር ላይ እንዲፈነዳ ራዳር ይጠቀማል። ዱባው ግን አፍንጫው ላይ ባሉ የንክኪ ፊውዞች መሬት ሲነካ ይፈነዳል። ስለዚህ ዱባው በስንት ከፍታ ላይ መፈንዳት እንዳለበት ምንም አያስተምርም። ያ ክፍል ለብቻው መፈተን ነበረበት፤ በቲኒያን አጠገብ በጁላይ 1945 መጨረሻ ያለ አቶሚክ ንጥረ ነገር የተጣሉት የሊትል ቦይ ማስመሰያዎች ለዚሁ ነበሩ። የመጨረሻው ሙሉ ልምምድ በጁላይ 31 ሲደረግ ሦስት አውሮፕላኖች ወደ ኢዎ ጂማ ደሴት በረሩ፤ እዚያ ተገናኝተው ተመለሱ፤ ከዚያም ማስመሰያውን ቦምብ ጥለው የማምለጫውን መታጠፊያ ተለማመዱ።

በድምሩ 486 ዱባዎች፣ ፈንጂ ያላቸውና የሌላቸው፣ ተመርተዋል።

ጉድጓዱ

የማይወራለት ሥራ ጭነቱ ነው። ቢ-29 መሬት ላይ ቆሞ ሆዱ ለአፈሩ ቅርብ ነው፤ 1.52 ሜትር የሚወፍር ዕቃ ከሥሩ ገብቶ መነሣት አይችልም። ስለዚህ በዌንዶቨርና በቲኒያን ጉድጓድ ተቆፈረ፤ የተለየ የሃይድሮሊክ ማንሻም ተተከለበት።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ቦምቡ በተጎታች ላይ ሆኖ በጉድጓዱ ላይ በተዘረጋው ሐዲድ ይገፋል። ማንሻው ከሥር ተነሥቶ ቦምቡን ከተጎታቹ ያላቅቀዋል፤ ተጎታቹና ሐዲዱ ይነሣሉ። ቦምቡ 90 ዲግሪ ይዞርና ወደ ጉድጓዱ ይወርዳል። አውሮፕላኑ በጎታች መኪና ወደ ኋላ እየተገፋ በጉድጓዱ ላይ ይመጣል፤ አንዱ ጎማው በሚዞር ሰሌዳ ላይ ቆሞ አካሉ በትክክል ይስተካከላል። ከዚያ ቦምቡ ቀስ እያለ ይነሣና ከነጠላ መንጠቆው ጋር ይያያዛል። ጭራው ከበሩ ጠርዝ የሚርቀው በኢንቾች ነው፤ ማንሻው ትንሽ ቢያዘነብል ይጋጫል። ለዚህ ነው ክብደቱም፣ ማዕከሉም፣ ቁመቱም እውነተኛውን የሚመስል ዕቃ ለጫኚዎቹ ያስፈለጋቸው። በኦገስት 1945 እውነተኛዎቹን ቦምቦች የጫኑት ሠራተኞች ይህን ሥራ በዱባዎቹ ደጋግመው ሠርተውታል።

ልምምዱ በሰው ላይ

509ኛው ቡድን ቲኒያን ደርሶ በመጀመሪያ በሮታ፣ በትሩክ፣ በጉጉዋንና በማርከስ ደሴቶች ላይ በትናንሽ ቦምቦች ተለማመደ። ከጁላይ 20 ጀምሮ ግን ወደ ጃፓን ከተሞች ዱባ ይዞ ሄደ። በረራዎቹ በጁላይ 20፣ 24፣ 26 እና 29፣ ከዚያም በኦገስት 8 እና 14 ነበሩ፤ በእኛ አቆጣጠር ከሐምሌ 13 እስከ ነሐሴ 8 ቀን 1937 ዓ.ም. ማለት ነው። ኢላማዎቹ ለአቶሚክ ቦምቡ ከተጠበቁት ከተሞች አቅራቢያ ያሉ ፋብሪካዎችና የባቡር ማእከሎች ነበሩ፤ ቡድኖቹ መንገዱን፣ የአየር ጠባዩንና መልክዓ ምድሩን እንዲለምዱ።

ሥርዓቱ የአቶሚክ በረራውን በልክ ይከተላል። ጥቂት አውሮፕላኖች ከ9 ሺህ ሜትር ገደማ ከፍታ ይመጣሉ። ዋናው ኢላማ በዓይን ካልታየ አይመታም፤ ደመና ከሸፈነው ወደ ተለዋጭ ኢላማ ይዞራል፤ እዚያ በራዳር መጣል ይፈቀዳል። ቦምቡ ሲለቀቅ አውሮፕላኑ ወዲያው 155 ዲግሪ ታጥፎ ወደ ታች እያዘነበለ ፍጥነት ይጨምራል። ቦምቡ 45 ሰከንድ ገደማ ይወርዳል፤ በዚያ ጊዜ ውስጥ የሚቻለውን ያህል መራቅ ነው ዓላማው።

በጠቅላላው 49 ዱባዎች በ14 ኢላማ አካባቢዎች ላይ ተጣሉ። ከ400 በላይ ሰዎች ሞቱ፤ ከ1,200 በላይ ቆሰሉ። በጁላይ 26 በኦሳካ ታናቤ ሰፈር የወደቀው አንድ ቦምብ 7 ሰዎችን ገደለ፣ 73 አቆሰለ። በጁላይ 29 በማይዙሩ የባሕር ኃይል የጦር መሣሪያ ፋብሪካ ላይ የወደቀው 97 ሰዎችን ገደለ፤ ከእነርሱ መካከል ለጦርነቱ ሥራ ከትምህርት ገበታቸው የተወሰዱ ተማሪዎች ነበሩ። እነዚህ ሰዎች በልምምድ ዕቃ ነው የሞቱት። ይህን ቴክኒካዊ በሆነ ቋንቋ ማድበስበስ አይገባም።

አንድ ያልተፈቀደ በረራም አለ። በጁላይ 20 አንድ ቡድን የተመደበለት ኢላማ በደመና ሲሸፈንበት በራሱ ውሳኔ ወደ ቶኪዮ ሄዶ የንጉሠ ነገሥቱን ቤተ መንግሥት አለመ። በደመና ውስጥ በራዳር ጣለ፤ ሳተ፤ ቦምቡ በቶኪዮ ባቡር ጣቢያ አጠገብ ወደቀ። አንድ ሰው ሞተ፣ ከ60 በላይ ቆሰሉ። ተለዋጭ ኢላማ የመምረጥ ሥልጣን ለቡድኑ ሲሰጥ ወሰኑ በግልጽ ካልተነገረ የሚሆነው ይህ ነው።

የሠራውና ያልሠራው

በወታደራዊ መለኪያ ሥራው ተሳክቷል። ነጠላው ማንጠልጠያ ደጋግሞ ሠራ። የቀፎው አወዳደቅ የተረጋጋ ሆነ። ከጦርነቱ በኋላ የተደረገው የአሜሪካ ግምገማ ዱባው ፋብሪካ ላይ በቀጥታ ሲወድቅ ወይም በቅርብ ሲፈነዳ በቂ ጉዳት እንደሚያደርስ ገልጿል።

ያልሠራውስ? አየሩ። በበጋው ደመና ምክንያት ብዙ ቦምቦች በተለዋጭ ኢላማ ላይ በራዳር ተጣሉ፤ በዓይን የማነጣጠር ልምምዱም በዚያው ልክ ቀነሰ። ይህ ችግር በኦገስት 9 በእውነተኛው በረራ ላይ ተደግሟል፤ ዋናው ኢላማ ኮኩራ በጭስና በጭጋግ ተሸፍኖ አውሮፕላኑ ወደ ናጋሳኪ የዞረው በዚህ ነው። ልምምዱ አስቀድሞ አስጠንቅቆ ነበር።

ያልታሰበ ውጤትም አለ። ጃፓናውያን በመቶ የሚቆጠሩ አውሮፕላኖች ሲመጡ መሸሸግ ለምደዋል፤ አንድ ወይም ሦስት ሲያዩ ግን አደጋው ትንሽ ነው ብለው ማሰብ ጀመሩ። በኦገስት 6 ጠዋት በሂሮሺማ የአየር ጠባይ የሚያጣራው አውሮፕላን ሲመጣ 1:09 ላይ የማስጠንቀቂያ ደወል ተነፋ፤ 1:31 ላይ አደጋው አልፏል ተባለ። ቦምቡ 2:15 ላይ ሲፈነዳ አብዛኛው ሰው ከመጠለያ ውጭ በየሥራው ላይ ነበር። (ሰዓቱ በእኛ አቆጣጠር ነው።)

ለሌላ ሥራ የሚተርፍ

ማስመሰያ ዕቃ ለሚሠራ ሁሉ፣ የድሮን ጭነት ቢሆን የሕክምና ማሠልጠኛ አሻንጉሊት፣ መጀመሪያ የሚጻፈው የሁለት ዓምድ ዝርዝር ነው። በአንዱ ዓምድ የግድ መመሳሰል ያለበት፣ በሌላው በነጻነት ሊለይ የሚችል። ዱባው ርካሽ ሊሆን የቻለው ሁለተኛው ዓምድ በድፍረት ስለተሞላ ነው፤ 1,500 ብሎን በብየዳ ተተካ። ጠቃሚ የሆነው ደግሞ በመጀመሪያው ዓምድ ማዕከሉም፣ ጭራውም፣ ማንጠልጠያውም ስላልተነካ ነው። ዝርዝሩ ላይ ማስመሰያው የማይፈትነውም መጻፍ አለበት። ዱባው የራዳር ፊውዙን አልፈተነም፤ ይህ ታውቆ ስለነበር ሌላ ፈተና ተዘጋጀለት። ሳይታወቅ ቀርቶ ቢሆን «ሁሉም ተፈትኗል» ይባል ነበር።

አነስተኛ ሞዴል ቀድሞ ይውደቅ። ዳልግረን ላይ የወደቀው ቱቦ ከሙሮኩ አደጋ በፊት የሆነ ነውና ትምህርቱ በርካሽ ተገዛ። መልቀቂያው ግን በሞዴል አልተፈተነም፤ ለዚህ ነው በሙሉ መጠን ላይ፣ ሰው ባለበት አውሮፕላን ውስጥ ችግሩ የወጣው። የትኛውን ክፍል ሳንፈትን አለፍን ብሎ መጠየቅ የሚያስፈልገው ሁሉም ነገር ጥሩ በሚመስልበት ጊዜ ነው።

ለሌላ ዓላማ የተሠራን ዕቃ ከመዋስ በፊት ኃይሉን በየት አቅጣጫ እንዲሸከም እንደተሠራ ማጣራት ግዴታ ነው። ወደ ኋላ ለሚስብ ኃይል የተሠራ መንጠቆ ቁልቁል ለሚስብ ክብደት ዋስትና አይሰጥም።

ስለ ሐሳብ ምንጭም አንድ ነገር። የጭራው ላሜራ የመጣው ሜዳው ላይ ቆመው ቦምቡ ሲወድቅ ካዩት ሰዎች ነው። ስሌቱ የተቃወመውን ነገር ብየዳ ሠርቶ መሞከር ቀላል ሥራ ነበር። ሙከራው ርካሽ ከሆነ ክርክሩን ማሳጠር ይሻላል።

ሌላው የምዝገባ ጉዳይ ነው፤ ይህ ክፍል ለብዙ ዓመት ያልተዘጋ ነው። የዱባው በረራዎች በምሥጢር ስለተያዙ በየከተማው የተጎዱት ሰዎች የወደቀባቸው ምን እንደሆነ አላወቁም፤ ለእነርሱ አንድ ትልቅ ቦምብ ብቻ ነበር። በ1991 በአይቺ ግዛት ካሱጋይ ከተማ የጦርነቱን ታሪክ የሚመዘግቡ ነዋሪዎች በቶኪዮ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ከአሜሪካ የተገኙ ሰነዶች ውስጥ የበረራዎቹን ዝርዝር ከነካርታው አገኙ። ቀንና ቦታው በየአካባቢው ከተመዘገበው ጋር ሲነጻጸር ገጠመ። የራሳቸው ከተማም ከዝርዝሩ ውስጥ ነበረች፤ በኦገስት 14 አራት ዱባዎች ወድቀውባታል፣ የጃፓን መሸነፍ በሬዲዮ ሊነገር አንድ ቀን ሲቀረው። በዚያው ቀን ሦስት ሌሎች ዱባዎች ኮሮሞ በሚገኘው የቶዮታ ፋብሪካ ላይ ተጥለዋል።

በኦሳካ ታናቤ የሚኖሩ ሰዎች ዛሬ በየዓመቱ ጁላይ 26 በመታሰቢያው ድንጋይ አጠገብ ይሰበሰባሉ።